ፒተር ፎልክ እና ኮሎምቦ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ስለ ፒተር ፎልክ ከሚነሱት ጥያቄዎች ከፊሎቹ ስለ ሰውየው፣ ከፊሎቹ ስለ ኮሎምቦ ናቸው፤ አብዛኞቹ ግን ሁለቱን አንድ ሰው አድርገው የሚመጡ ናቸው። እውነቱን ለመናገር መለየቱ እኛንም ያስቸግረናል፤ ለምን እንደሆነ ወደ ታች ስትወርዱ ታዩታላችሁ። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ፒተር ፎልክ ማን ነበር?

አሜሪካዊ ተዋናይ ነው። ሴፕቴምበር 16 ቀን 1927 ኒውዮርክ ከተማ ተወለደ፤ ያደገው ግን ከከተማዋ በስተሰሜን፣ ሀድሰን ወንዝ ዳር በምትገኘው ኦሲኒንግ ነው። ኦሲኒንግ ስሟ የሚነሳው በሲንግ ሲንግ እስር ቤት ነው፤ በቴሌቪዥን ገዳይ ሲይዝ ለሚኖር ሰው መቼም ከዚህ የሚስማማ ሰፈር አይገኝም። አባቱ የልብስና የጨርቃ ጨርቅ ሱቅ ነበረው። ቤተሰቡ የዘር ሐረጉ ከምሥራቅ አውሮፓ የሚመዘዝ አይሁዳዊ ነው። ዓለም የሚያውቀው ከ1968 እስከ 2003 በአሜሪካ የቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ላይ ሌተናንት ኮሎምቦን ሆኖ በመሥራቱ ነው። መሐል ላይ አሥር ዓመት ያህል አቋርጧል፤ ቢሆንም ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው 35 ዓመት ይሆናል።

ኮሎምቦ ከተማ አይደለም እንዴ?

የሲሪላንካዋ ኮሎምቦ ሌላ ናት። ይኼኛው በሎስ አንጀለስ ፖሊስ ውስጥ የነፍስ ግድያ የሚመረምር ልብ ወለድ ሰው ነው። ማዕረጉ "ሌተናንት" ነው፤ በእኛ መቶ አለቃ ብንለውም ያስኬዳል። ይሁን እንጂ ምኑም የመቶ አለቃ አይመስልም። ጸጉሩ አልተበጠረም፣ ካፖርቱ ተጨማድዷል፣ ከአፉ ወይ ከእጁ ርካሽ ሲጋር አይጠፋም። መሣሪያ መታጠቅ አይወድም፤ በአንዱ ክፍል የተኩስ ፈተናውን ሌላ ፖሊስ እንዲፈተንለት ሲለማመጥ እናየዋለን።

አንድ ዓይኑ ሰው ሠራሽ ነው የሚባለው እውነት ነው?

እውነት ነው። የቀኝ ዓይኑ በሦስት ዓመቱ፣ በሬቲና ካንሰር ምክንያት በቀዶ ሕክምና ወጣ። ከዚያ ወዲያ ዕድሜውን በሙሉ በሰው ሠራሽ ዓይን ኖረ። ያ ጨፈን አድርጎ፣ አንገቱን ዘንበል አድርጎ የሚያየው አስተያየት ከዚህ የመጣ ነው።

ራሱ ሲያወራው የሚወደው አንድ ታሪክ አለ። የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ሳለ ጎበዝ ስፖርተኛ ነበር። አንድ ቀን ቤዝቦል ሲጫወት ሦስተኛው ቤዝ (ሯጩ ሊደርስባቸው ከሚገቡት ማረፊያዎች አንዱ) ላይ ደረሰ፤ ዳኛው ግን "አልደረስክም፣ ውጣ" አለው። ፎልክ መድረሱን እርግጠኛ ነው። የመስታወት ዓይኑን ከቦታው አወጣና ለዳኛው ዘረጋለት፦ "እንካ፣ በዚህ ሞክር!"

ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሊያበቃ ሲል ሊዘምት ፈልጎ በዓይኑ ምክንያት አልተቀበሉትም። ስለዚህ የንግድ መርከብ ላይ የወጥ ቤት ሠራተኛ ሆኖ ገባ። መርከብ ላይ ማየት ያለበት ካፒቴኑ ብቻ ነው እያለ ይቀልድ ነበር። ኮሎምቦስ አንድ ዓይና ነው ወይ ለሚሉ ደግሞ፣ ለብዙ ዓመታት ተከታታዩ ነገሩን ሳያነሳው ቆይቶ፣ በ1997 በወጣ ክፍል ላይ ኮሎምቦ ባልደረባው አብሮት እንዲያይለት ሲጠይቅ ከአንድ ዓይን ሦስት ይሻላል ብሎ ያልፋል። የገባው ሳቀ።

ከትወና በፊት ምን ይሠራ ነበር?

እዚህ ላይ ነው ሰውየውና ገጸ ባሕሪው መደበላለቅ የሚጀምሩት። ከመርከብ ከወረደ በኋላ ከኮሌጅ ኮሌጅ ሲዘዋወር ቆይቶ በ1951 ኒውዮርክ ውስጥ የመጀመሪያ ዲግሪውን ያዘ። ከዚያ አውሮፓ ሄደና ዩጎዝላቪያ ውስጥ ስድስት ወር የባቡር ሐዲድ ሥራ ላይ ሠራ። ተመልሶ በ1953 ከሲራኪዩስ ዩኒቨርሲቲ በሕዝብ አስተዳደር ማስተርሱን ተቀበለ። ሲአይኤ ለመቀጠር አመልክቶ አልሆነለትም፤ መርከብ ላይ ሳለ የገባበት የሠራተኞች ማኅበር በግራ ዘመምነት የሚጠረጠር ስለነበር ያ ስም ተከተለው።

በመጨረሻ የኮነቲከት ግዛት የበጀት ቢሮ የሥራ ቅልጥፍና ባለሙያ አድርጎ ቀጠረው። ሥራው ሌሎች ሰዎች ጊዜና ገንዘብ እንዳያባክኑ ማጥናት ነው። ፎልክ በኋላ እንደተናገረው፣ የመጀመሪያው ዕለት ጠዋት ሪፖርት የሚያደርግበትን ሕንፃ ፈልጎ አጣው። ይህን ስታነቡ አንድ ካፖርት የለበሰ ሰው አድራሻ የተጻፈባት ቁራጭ ወረቀት በኪሱ ሲፈልግ ካልታያችሁ ኮሎምቦን አላያችሁትም።

ታዲያ ተዋናይ የሆነው እንዴት ነው?

በማርፈድ ነው ቢባል አልተጋነነም። በአሥራ ሁለት ዓመቱ የክረምት ካምፕ ውስጥ መድረክ ላይ ወጥቶ ያውቃል። የኮነቲከት ዋና ከተማ በሆነችው ሃርትፎርድ ተቀጥሮ ሲሠራም ማታ ማታ ከአማተር የቲያትር ቡድን ጋር ይጫወት ነበር። ኢቫ ለጋሊየን የተባለችው ትልቅ የመድረክ ሰው በዌስትፖርት ለሙያው ተዋንያን ብቻ ትምህርት ትሰጣለች ሲባል፣ ሙያተኛ ነኝ ብሎ ገባ። ከሃርትፎርድ እየነዳ ስለሚመጣ ዘወትር ያረፍዳል።

አንድ ቀን አስቆመችው። "አንተ ወጣት፣ ሁልጊዜ የምታረፍደው ለምንድን ነው?" ከሃርትፎርድ እንደሚመጣ ነገራት። "ሃርትፎርድ ምን ትሠራለህ? እዚያ ቲያትር የለም፤ በትወና እንዴት ትኖራለህ?" መሸሸጊያ አጣ። ሙያተኛ ተዋናይ እንዳልሆነ አመነ። እሷም ዝም ብላ አየችውና "መሆን ይገባሃል" አለችው። ወደ ሃርትፎርድ ተመልሶ ሥራውን ለቀቀ።

ጊዜው 1956 ነው፤ ዕድሜው ሠላሳ ሊሞላ ጥቂት ቀርቶታል። ማስተርስ ያለው፣ የመንግሥት ደመወዝ የሚበላ ሰው ሥራ ጥሎ ኒውዮርክ ግሪንዊች ቪሌጅ ገባ። የእኛ አገር ዘመድ ቢሆን ሽማግሌ ይልክበት ነበር። በዚያው ዓመት ግን ጄሰን ሮባርድስ ዋናውን ሚና በያዘበት የዩጂን ኦኒል ተውኔት ላይ የመጠጥ ቤት አስተናጋጅ ሆኖ ሠራ፤ ከዚያ በኋላ ወደ ኋላ አላየም።

ሆሊውድስ?

የኮሎምቢያ ፒክቸርስ አለቃ ሃሪ ኮን የሙከራ ቀረጻውን አይቶ የሰጠው መልስ የታወቀ ነው፦ በዚሁ ዋጋ ሁለት ዓይን ያለው ተዋናይ አገኛለሁ።

ጥቂት ዓመት ሳይቆይ ፎልክ በ1960 የነፍሰ ገዳዩን ወሮበላ አቤ ሬለስን ተጫውቶ ለኦስካር ታጨ። ሥነ ሥርዓቱ ላይ ረዳት ተዋናይ ሲጠራ "ፒተር..." ሲል ሰማ፤ ብድግ አለ። "...ኡስቲኖቭ" ሲባል ተመልሶ ቁጭ አለ። ቁጭ እንዳለ ወደ ማስታወቂያ ሠራተኛው ዞሮ ተባረሃል አለው፤ የአንድ ቀን ደመወዝ እንኳ እንዳይጨምርበት። በማግስቱ ዓመት ፍራንክ ካፕራ ባዘጋጀው ፊልም እንደገና ታጨ፣ እንደገና አላገኘም። ኦስካር ከዚያ በኋላ ዞር ብሎም አላየው፤ ቴሌቪዥኑ ግን በ1962 የመጀመሪያውን የኤሚ ሽልማት ሰጠው። ቲማቲም ጭኖ ሲሄድ ነፍሰ ጡር ሴት መንገድ ላይ ያሳፈረ የጭነት መኪና ሾፌር ሆኖ በሠራው ድራማ ነው።

ኮሎምቦን የፈጠረው ራሱ ፎልክ ነው?

አይደለም። የፈጠሩት ከትምህርት ቤት ጀምሮ ጓደኛሞች የነበሩት ጸሐፊዎች ሪቻርድ ሌቪንሰንና ዊሊያም ሊንክ ናቸው። ዶስቶየቭስኪ በፈጠረው፣ ተጠርጣሪውን ወሬ እያበዛ በሚያስጨንቀው መርማሪ በፖርፊሪ ፔትሮቪች ተነሳስተው የጻፉት ነው። ኮሎምቦን ፎልክ የመጀመሪያ ሆኖ እንኳ አልተጫወተውም፤ በ1960 በርት ፍሪድ በቴሌቪዥን፣ በ1962 ቶማስ ሚቸል በመድረክ ተጫውተውታል። በ1968 ለቴሌቪዥን ፊልም ሲሠራ ሚናው የቀረበው ለዘፋኙ ለቢንግ ክሮስቢ ነበር፤ አልፈልግም አለ። ጸሐፊዎቹ ፎልክ ዕድሜው ለሚናው ያንሳል ብለው ያመነቱ ነበር።

ስለዚህ አጥንቱ የጸሐፊዎቹ ነው። ሥጋውን ግን ያለበሰው ፎልክ ነው፤ ካፖርቱን ጭምር።

ገዳዩ መጀመሪያውኑ ከታወቀ ምኑ ያጓጓል?

ተከታታዩን ያላየ ሰው ሁሉ ይህን ይጠይቃል። ክፍሉ ሲጀምር ግድያውን እናያለን፤ ማን እንደገደለ፣ በምን እንደገደለ፣ ለምን እንደገደለ እናውቃለን። ኮሎምቦ ራሱ ብቅ የሚለው አንዳንዴ ግማሽ ሰዓት ገደማ አልፎ ነው። ጥያቄው "ማን ገደለ?" መሆኑ ቀርቶ "ይህ ሰው እንዴት ይያዝ ይሆን?" ይሆናል። እንቆቅልሹ ጠፍቶ ፍጥጫው ይቀራል፤ ሁለት ሰዎች ሳሎን ውስጥ ያወራሉ፣ አንዱ እንደሚዋሽ ሁለቱም ያውቃሉ።

ገዳዮቹ ድሆች አይደሉም። የቀዶ ሕክምና ሐኪም፣ ደራሲ፣ የኦርኬስትራ መሪ፣ ጄኔራል ናቸው፤ ቤታቸው ሰፊ፣ ልብሳቸው ያማረ፣ ራሳቸውን ከሰው ሁሉ ብልጥ አድርገው የሚቆጥሩ። በዚያ ቤት ምንጣፍ ላይ የሲጋሩን አመድ እያራገፈ የሚገባ፣ የጫማቸውን ዋጋ የሚጠይቅ፣ ስለ ሚስቱ ምግብ የሚያወራ ፖሊስ ሲመጣባቸው ይንቁታል። ንቀታቸው ነው የሚያስይዛቸው።

ለአማርኛ ተናጋሪ ደግሞ አንድ የተለየ ጣዕም አለው ብዬ አምናለሁ። ኮሎምቦ ገዳዩን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ "ጌታዬ"፣ "እመቤቴ" እያለ ነው የሚያናግረው። ወደ አማርኛ ብትመልሱት በ"እርስዎ" እንጂ በ"አንተ" ሊሄድ አይችልም። ካቴና እስኪገባ ድረስ አንቱታው አይጓደልም፤ ሰውየውን አንቱ እያለ ነው ገመዱን የሚያጠብቅበት። ከእጁ የማትለየው ማስታወሻ ደብተር ደግሞ አለች። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም የሚለውን ተረት ኮሎምቦ በአንድ ሰው ላይ ሁለቱንም አድርጎ አሳይቶናል፤ ሞኝነቱ የውሸት መሆኑ ብቻ ነው ልዩነቱ።

አንድ ምሳሌ ልስጥ። (የ1973ቱን የወይን ጠጅ ክፍል ያላያችሁ ይህን አንቀጽ ዝለሉት።) ዶናልድ ፕሌዘንስ የሚጫወተው የወይን ጠጅ ጠማቂ ግማሽ ወንድሙን መትቶ ጥሎ፣ ወይን ማስቀመጫው ጓዳ ውስጥ ይቆልፍበትና አየር ማቀዝቀዣውን አጥፍቶ ይሄዳል። ወንድሙ ታፍኖ ይሞታል። ማስረጃ የለም። ኮሎምቦ ስለ ወይን ማንበብ፣ መቅመስ፣ መጠየቅ ይጀምራል። በመጨረሻ ሰውየውን ውድ ምግብ ቤት እራት ይጋብዘውና ያረጀ ምርጥ ወይን ያስቀዳለታል። ገዳዩ አንዴ ቀምሶ ይቆጣል፤ ይህ ወይን ሙቀት ነክቶታል፣ ተበላሽቷል እያለ በአስተናጋጆቹ ላይ ይጮሃል። ጠርሙሱ ኮሎምቦ ከገዳዩ ከራሱ ጓዳ ያወጣው ነው። ማቀዝቀዣው በጠፋበት ቀን ከተማው በሙቀት ይነድ ነበር። በዚያ ምግብ ቤት የዚያን ጉዳት ጣዕም ለይቶ የሚያውቅ ምላስ ያለው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ ገዳዩ በምላሱ ተያዘ። ከዚያ ሁለቱ መኪና ውስጥ ተቀምጠው፣ እስረኛውና ፖሊሱ፣ ኮሎምቦ በመረጠው ወይን አብረው ይጠጣሉ። ሰውየው ምርጫውን አይቶ በሚገባ ተምረሃል ይለዋል። ፎልክ ያንን ምስጋና ሲቀበል ፊቱ ላይ የምታዩት ደስታ የውሸት አይደለም።

"አንዲት ነገር ብቻ..." የሚለው ከየት መጣ?

ከስንፍና። ሌቪንሰንና ሊንክ ተውኔቱን በታይፕ ሲጽፉ ኮሎምቦን ከአንድ ትዕይንት አስወጡት፤ ከዚያ አንድ ጥያቄ እንደቀራቸው ታወሳቸው። ገጹን እንደገና ከመምታት ይልቅ በሩ ላይ አስቁመው መለሱት። ተጠርጣሪው ተገላገልኩ ብሎ እፎይ ሲል ጣቱን ግንባሩ ላይ አድርጎ፣ "ይቅርታ ጌታዬ፣ አንዲት ነገር ብቻ..." ይላል። የምትመጣው ጥያቄ ደግሞ ከቀደሙት ሁሉ የምትከብደዋ ናት።

ሌላውን ችክ ማለት ግን የጨመረው ፎልክ ነው። ቀረጻ ላይ ስክሪፕቱ ውስጥ የሌለ ነገር ያመጣል። ማስረጃ ላሳይ ብሎ ኪሱን ሲፈትሽ የአስቤዛ ዝርዝር ያወጣል፣ እርሳስ አበድሩኝ ይላል። አብሮት የሚሠራው ተዋናይ ሳያስበው ሚዛኑን ይስታል፤ የምናየው መናደድ አንዳንዴ እውነተኛ መናደድ ነው።

ካፖርቱ የማን ነው?

የፎልክ የራሱ። ኒውዮርክ 57ኛ መንገድ ላይ ዝናብ ሲይዘው ገብቶ በ15 ዶላር የገዛው የዝናብ ካፖርት ነው። የቀረጻው የአልባሳት ክፍል ያቀረበለት ልብስ አልጣመውም፤ የራሱን ከቤት አመጣ። ሎስ አንጀለስ ዝናብ ብርቅ የሆነባት ከተማ ናት፤ ሰውየው ግን በጠራራ ፀሐይ በዝናብ ካፖርት ይዞራል፣ ማንም ለምን አይልም። ካፖርቱ ሲያረጅ በኋላ ላይ በሌላ ተተካ። የመጀመሪያው የት ነው ሲሉት ቁም ሳጥን ውስጥ ነው፣ ወተት በሳህን አስቀምጬለታለሁ ይል ነበር።

መኪናውስ?

የ1959 ሞዴል፣ ጣሪያው የሚከፈት ፔጆ 403። እኛ አገር ፔጆ ሲባል ብዙ ሰው ትዝ የሚለው 404 ወይም 504 ነው፤ ይኼ የእነሱ ታላቅ ወንድም ነው። ፎልክ በዩኒቨርሳል ስቱዲዮ የመኪና ማቆሚያ ሲዞር ጥግ ላይ ተጥላ አገኛት፤ ጎማዋ እንኳ ተንፍሶ ነበር ይባላል። ይህችን ነው የምፈልገው አለ። ቀልዱ ያለው የዚያ ዓይነት ክፍት 403 በአጠቃላይ ወደ 2,000 ገደማ ብቻ በመመረቱ ነው። ዛሬ ብታገኙት የምትከፍሉት ገንዘብ ገዳዮቹ ከሚነዱት የማይተናነስ ነው።

ውሻው ስሙ ማን ነው?

"ውሻ"። ባሴት ሃውንድ የሚባለው ጆሮው መሬት የሚጠርግ ዝርያ ነው። ፎልክ መጀመሪያ ተቃወመ፤ ካፖርት አለ፣ መኪና አለ፣ ሲጋር አለ፣ ውሻ ደግሞ ምን ይሠራል አለ። እንስሳው ሲመጣ ያረጀ፣ ለሀጩ የሚንጠባጠብ፣ ምንም የማይፈልግ ፍጡር ሆኖ አገኘው። ወዲያው ተስማማ።

የኮሎምቦ የመጀመሪያ ስም?

በወግ አይነገርም። ይሁን እንጂ በመጀመሪያው ዓመት ክፍሎች በአንዱ መታወቂያው ሲታይ "ፍራንክ" የሚል ይነበባል። "ፊሊፕ" ነው የሚል ሰው ካጋጠማችሁ ደግሞ ወጥመድ ውስጥ የገባ ነው። አንድ የጠቅላላ ዕውቀት መጽሐፍ ደራሲ የሚገለብጡትን ለመያዝ ሆን ብሎ የውሸት "ፊሊፕ" ጻፈ። አንድ ታዋቂ የጥያቄና መልስ ጨዋታ ያንኑ ደገመ። ደራሲው በ1984 ከሰሰ፣ ተረታ። ፍርድ ቤቱ እውነታ የማንም ንብረት አይደለም ባይ ነው፤ እውነታው ውሸት መሆኑ ለደራሲው አልጠቀመውም።

ሚስቱን ለምን አናያትም?

ኮሎምቦ በየክፍሉ ያነሳታል፤ እሷ እንዲህ አለች፣ እሷ የእርስዎ አድናቂ ናት፣ እሷ ቢያት... አንድ ቀንም አትታይም። ሰዎች ጨርሶ የለችም እስከ ማለት ደርሰዋል፤ ያ ግን ትክክል አይመስልም፣ ሌሎች ሰዎች ስላገኟት ይናገራሉ። በ1979 የቴሌቪዥን ጣቢያው ኬት መልግሩን ሚስቱ አድርጎ ሌላ ተከታታይ ጀምሮ ነበር። ፎልክ ሐሳቡን አልወደደውም፤ ተመልካችም አልወደደውም።

አብሮት መሥራት ከባድ ነበር የሚባለው?

ለስቱዲዮው ከባድ ነበር። አንድን ትዕይንት እስኪዋጥለት ድረስ ደጋግሞ ይቀርጻል፣ ከጸሐፊዎቹ ጋር ይከራከራል፣ በገንዘብም አይለሳለስም። በመጀመሪያው ዓመት አንድ ክፍል ራሴ ካላዘጋጀሁ ብሎ አስቸገረ፤ በመጨረሻ ሰጡት፣ ግን ሕንፃ ግንባታ ቦታ ላይ የሚቀረጸውን፣ ለቀረጻ አስቸጋሪውን መርጠው ነው። በ1976 ለአንድ ክፍል 300,000 ዶላር፣ በ1989 ሲመለስ ደግሞ 600,000 ይከፈለው እንደነበር ተዘግቧል። በየሳምንቱ አድርገው ቢሉት እምቢ አለ። ለዚህ ነው በ35 ዓመት ውስጥ 69 ክፍሎች ብቻ ያሉት፤ ርዝመታቸው ግን የፊልም ነው።

ስንት ሽልማት አገኘ?

አምስት ኤሚ። አራቱ ለኮሎምቦ ናቸው፦ 1972፣ 1975፣ 1976 እና 1990። በ1973 ጎልደን ግሎብም አለ።

ከኮሎምቦ ሌላ ምን ሠራ?

ብዙ ሰው የማያውቀው ፎልክ የጆን ካሳቬተስ ጓደኛ የነበረው ፎልክ ነው። ካሳቬተስ ስቱዲዮ የማይገባ፣ ከቤቱና ከጓደኞቹ ጋር ፊልም የሚሠራ ሰው ነው። በ1974 ጂና ሮውላንድስ አእምሮዋ የሚናወጥ ሚስት፣ ፎልክ ግራ የገባው የቀን ሠራተኛ ባሏ የሆኑበትን ፊልም ሲሠራ፣ ፎልክ ከራሱ ኪስ ገንዘብ አውጥቶ ረድቶታል። የኮሎምቦ ደመወዝ ወዴት እንደሄደ አሁን ገባችሁ። ያንን ፊልም ያየ ሰው ፎልክን እንደገና በካፖርቱ ብቻ አያውቀውም፤ ሚስቱን ሰው ፊት "እንደ ራስሽ ሁኚ" እያለ የሚያስጨንቃት ባል ሆኖ ሲጮህ ያስፈራል። ካሳቬተስም ከዚያ ቀደም ብሎ በ1972 በኮሎምቦ ላይ ገዳይ ሆኖ ሠርቷል።

በ1979 ከአለን አርኪን ጋር የሠራው ኮሜዲ አለ። በ1987 ደግሞ ሁለት ፊልም በአንድ ዓመት፦ በአንዱ ለታመመ የልጅ ልጁ መጽሐፍ የሚያነብ አያት ነው፤ በሌላው ቪም ቬንደርስ በርሊን ላይ ባዘጋጀው ፊልም ራሱን ፒተር ፎልክን ሆኖ ይጫወታል፣ ቀድሞ መልአክ የነበረ ፒተር ፎልክ። ብርድ ላይ ቆሞ የማያየውን መልአክ ያናግረዋል፤ እጅን ማፋተግ፣ ትኩስ ቡና መጠጣት፣ ሥዕል መሣል ምን ያህል ደስ እንደሚል ይነግረዋል። መንገድ ላይ የሚያገኙት የበርሊን ወጣቶች ግን ኮሎምቦ ነው ወይስ አይደለም እያሉ ይከራከራሉ።

ሥዕል ይሥል ነበር?

አዎ፣ በቁም ነገር። ኒውዮርክ ውስጥ ሥዕል ተምሯል፤ በከሰል የሚሥላቸው የሰው ምስሎች በኤግዚቢሽን ቀርበዋል።

ሩማኒያና ቡዳፔስት ከኮሎምቦ ጋር ምን አገናኛቸው?

ፎልክ እንደተረከው፣ በ1970ዎቹ ሩማኒያ ውስጥ የነበሩት ክፍሎች ታይተው አለቁ። ሕዝቡ ግን መንግሥት ደብቆብን ነው ብሎ አጉረመረመ። የአሜሪካ መንግሥት ፎልክን ለምኖ፣ የቀረ ክፍል እንደሌለና በትዕግሥት እንዲጠብቁ የሚል መልእክት አስቀዳው። ቡዳፔስት ውስጥ ደግሞ በ2014 የኮሎምቦና የውሻው ሐውልት ቆሟል፤ የቆመበት መንገድ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ፖለቲከኛ በሚክሻ ፋልክ ስም የተሰየመ ነው። ሁለቱ ፋልኮች ዘመድ ናቸው ይባላል እንጂ የተረጋገጠ ነገር የለም። ሐውልቱ ግን ግንባሩን እያከከ ውሻውን ቁልቁል ሲያይ እዚያው አለ።

ትዳርና ልጆችስ?

በ1960 ከዩኒቨርሲቲ ጀምሮ የሚያውቃትን አሊስ ሜዮን አገባ፤ ሁለት ሴት ልጆች በጉዲፈቻ አሳደጉ። በ1976 ተፋቱ። በ1977 ተዋናይቷን ሼራ ዳኒዝን አገባ፤ በስድስት የኮሎምቦ ክፍሎች ላይ ታይታለች፣ እሷም ሚስቱን ሆና ግን አይደለም።

መጨረሻው እንዴት ሆነ?

በ2007 ከተደረጉለት ተከታታይ የጥርስ ቀዶ ሕክምናዎች በኋላ የማስታወስ ችሎታው በፍጥነት ወረደ፤ አልዛይመር እንደያዘው በ2008 ይፋ ሆነ። በ2009 ማን ይጠብቀው በሚለው ጉዳይ ሎስ አንጀለስ ፍርድ ቤት በተደረገው ክርክር ላይ፣ አንድ ሐኪም ኮሎምቦ የሚባለውን ሰው እንኳ እንደማያስታውስ መሰከረ። ጁን 23 ቀን 2011 ቤቨርሊ ሂልስ በሚገኘው ቤቱ በ83 ዓመቱ አረፈ። ከሞተ በኋላ ልጁ በሞግዚት ሥር ያሉ ሕሙማንን ልጆቻቸው የመጠየቅ መብት እንዲኖራቸው ተሟግታ፣ ኒውዮርክን ጨምሮ በርካታ ግዛቶች በስሙ የሚጠራ ሕግ አውጥተዋል።

የተቀበረው ሎስ አንጀለስ፣ ዌስትውድ መካነ መቃብር ነው። ድንጋዩ ላይ "እዚህ የለሁም፤ ቤቴ ነኝ፣ ከሼራ ጋር" ተብሎ ተጽፏል።

ከየትኛው ክፍል ልጀምር?

ከሴፕቴምበር 1971ዱ ጀምሩ። ያዘጋጀው ያኔ የ24 ዓመት ልጅ የነበረው ስቲቨን ስፒልበርግ ነው። ሲከፈት መኪና በዝምታ መንገድ ላይ ይመጣል፤ የሚሰማው የሞተር ድምፅ ሳይሆን የታይፕ ቀጨቀጭ ነው። ካሜራው ወደ ኋላ ሲመለስ በመስኮት ገብቶ ደራሲው ሲጽፍ እናያለን፤ መኪናው ውስጥ ያለው ሊገድለው የሚመጣው ጓደኛው ነው። ከዚያ የ1973ቱን የወይን ጠጅ ክፍል፣ ቀጥሎ ዘፋኙ ጆኒ ካሽ ገዳይ የሆነበትን የ1974ቱን እዩ። ፓትሪክ መጉሃን ያለበትን ሁሉ ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ውሰዱ፤ አራት ጊዜ ገዳይ ሆኗል፣ አራቱም ጊዜ ሌላ ሰው ነው። ከ1989 ወዲህ ያሉት ላይ መውጣትና መውረድ አለ፤ ጸጉሩ ሸብቶ፣ ካፖርቱ አዲስ ሆኖ ስታዩት አትደናገጡ፣ ፔጆዋ ያችው ናት።